የሮማኑ ሲሮ እና የልጄ ጥማት

ጅቡቲ ውስጥ በሐምሌ ወር «ውሃ ጠማኝ» የሚል ልጅ ማንንም አያስደነግጥም። ሰዉ ሁሉ ይጠማዋል። ፍየሏ ይጠማታል፣ ትራፊክ ፖሊሱ ይጠማዋል፣ ወደብ ላይ ጆንያ የሚያወርደው ጎረምሳ ይጠማዋል። ካምሲን የሚሉት ነፋስ ከበረሃው ተነስቶ ሲመጣማ ግድግዳውም የሚጠማው ይመስለኛል። ስለዚህ ልጄ ማሂ በዚያ ሰሞን የውሃውን ጆግ እያነሳች ስትገለብጥ እኔ የማስበው ስለ ውሃው ማለቅ ብቻ ነበር። የቀረውን ስታነቡ «እናት ሆና እንዴት አላወቀችም?» ማለታችሁ አይቀርም። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ሲባል አልሰማችሁም?

አልማዝ እባላለሁ። ያደግሁት አዳማ ነው። ባለቤቴ ደረጀ ከአዲስ አበባ ጅቡቲ ወደብ እየተመላለሰ ከባድ መኪና ይነዳል፤ እኔ ካርቲየ 4 በሚባለው ሰፈር ውስጥ የአገራችን ሾፌሮችና የትራንዚት ሠራተኞች የሚመገቡባት ጠባብ ምግብ ቤት አለችኝ። ከጓዳዋ በስተጀርባ ባሉት ክፍሎች እንኖራለን። እዚህ አገር ስንት ዓመት ስቀመጥ ቋንቋ ላይ ሰነፍ ሆኜ ቀረሁ። ሶማሊኛዬ ከሽንኩርትና ከሥጋ ዋጋ አያልፍም፤ ፈረንሳይኛዬ ደግሞ «ቦንዡር» ብሎ ይጀምርና «ሜርሲ» ላይ ያልቃል። ምላሴ ማሂ ነበረች። በፈረንሳይኛ የሚያስተምር ትምህርት ቤት ስለምትማር የቤት አከራዩም ሲመጣ፣ የመብራት ሠራተኛውም ሲመጣ፣ በሩ ላይ ቆማ «እማ፣ እንዲህ ይልሻል» እያለች የምታስተረጉምልኝ እሷ ናት። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ናት እንግዲህ። አንዳንዱ ሰው ያፍርበት ይሆናል፤ እኔ ግን እኮራበት ነበር።

ትምህርት ቤት ሲዘጋ አስተማሪዋ ለክረምቱ የምታነበው አንድ አሮጌ የልጆች መጽሐፍ አዋሰቻት። ሽፋኑ የተላጠ፣ ሥዕሎቹ ግን የሚያምሩ። እኔ ሽንኩርት ስልጥ ከኋላዬ ትከሻዬ ላይ ተደግፋ በአማርኛ እየመለሰች ታነብልኛለች። ታሪኩ በረዶ የሚዘንብበት አገር ስለሚኖሩ ልጆች ነው። ልጆቹ ጫካ ገብተው ቀይ ፍሬ ይለቅማሉ፣ ፍሬው በስኳር ተቀቅሎ በጠርሙስ ይቀመጣል፣ እንግዳ ሲመጣ በቀዝቃዛ ውሃ ተበርዞ በትንንሽ ብርጭቆ ይቀርባል። ፈረንሳዮቹ ሲሮ ይሉታል። አስካሪ ነገር የለውም፤ የልጆች የክብር መጠጥ በሉት።

«እማ፣ እኛም እንሥራ» አለችኝ።

«እዚህ አገር ከዓይናችን ሌላ ምን ቀይ ነገር አለና ነው?» አልኳት። በዚያ ነፋስ የሁላችንም ዓይን በርበሬ መስሎ ነበር።

«ታታ ሐዋ ታመጣልናለች።»

ታታ የሚሉት እዚህ አክስትን ነው። ሐዋ ጎረቤታችን ናት፤ ሶማሌ ብትሆንም ድሬዳዋ ስላደገች አማርኛዋ ከእኔ ይፈጥናል። እውነትም ሐዋ ከየመን በጀልባ ከሚመጣው ሮማን አንድ ዘንቢል ይዛ መጣች። ማሂ በደስታ ዘለለች፤ ዘልላ ግን ወዲያው ቁጭ አለች። «ደከመኝ» አለች። ሐዋም «ሙቀቱ ነው» አለች፣ እኔም «ሙቀቱ ነው» አልኩ። በዚያ ሰሞን ቀሚሷ ትከሻዋ ላይ አልቆም ብሎ ሲንሸራተት አይቼ «ሙቀቱ ምግብ ዘጋባት» ብዬ ነበር። ከሕፃንነቷ ጀምሮ የተወችው አልጋ ማርጠብ ሲመለስባትም «ይህን ሁሉ ውሃ ጠጥታ ምን ይሁን?» ብዬ አንሶላውን አጥቤ አሰጣሁ። ለሁሉም ነገር መልስ ነበረን፤ መልሱም አንድ ነበር።

ሲሮው ሲሠራ የነበረውን ደስታ መቼም አልረሳውም። ሦስታችን ወለሉ ላይ ተቀምጠን ሮማኑን ፈለፈልን። ፍሬውን ጨምቄ በንጹሕ ሻሽ አጠለልኩት፤ ስኳር ጨምሬ በቀስታ እሳት ላይ ጣድኩት፤ አረፋውን እየገፈፍኩ እስኪወፍር ጠበቅሁና ሎሚ ጨመቅሁበት። ቀለሙ እንደ ሐር ያብረቀርቅ ነበር። ችግሩ ጠርሙሱ ነው። እኔ የውሃ ፕላስቲክ ውስጥ ልገለብጠው ስል ማሂ አለቀሰች። መጽሐፉ ላይ ያለው አረንጓዴ የመስታወት ጠርሙስ፣ ቡሽ ያለው ነው። ከዚያ ሌላ አልቀበልም አለች። ገበያ ወርጄ አሮጌ ዕቃ ከሚሸጥ ሽማግሌ ዘንድ ልክ እንደዚያ ያለ አገኘሁ። ምን ነበረበት ብዬ በተሰባበረው ሶማሊኛዬ ብጠይቀው ሽማግሌው ትከሻውን ነቀነቀ። በበረኪና አጠብኩት፣ ደጋግሜ አለቀለቅሁት፣ በፈላ ውሃ ቀቀልኩት። ሽታ አልነበረውም። ያም ሆኖ ቡሹን ስወትፍ የሆነ ነገር ከበደኝ።

ከሰዓት በኋላ ማሂ እንደ መጽሐፉ ልጆች ጋባዥ ሆነች። ሻይ ብርጭቆዎቹን ደርድራ፣ በረዶ ጨምራ፣ ለእኔና ለሐዋ ቀዳችልን።

«ዋላሂ ይጣፍጣል!» አለች ሐዋ። «አቦ አልማዝ፣ አረቄ ነገር አልጨመርሽበትም አይደል?»

«አረቄ ሽታው ያስታውከኛል፤ ደረጀ እንኳ ቀምሶ ከመጣ ውጭ ነው የሚያድረው» አልኳት።

ተሳሳቅን። ማሂ የራሷን ጠጣች፤ ደገመች፤ ሠለሰች። ተዪ ብላት ደግሞ «ጠማኝ እኮ» እያለች ትቀዳለች። እስኪመሽ ድረስ የጠርሙሱ ግማሽ አለቀ። ለራሷ ግብዣ ነው፣ ይሁንላት አልኩ።

በማግስቱ ጠዋት ለቁርስ የመጡ ሾፌሮችን እያስተናገድኩ ሳለ ከጓዳ የማስመለስ ድምፅ ሰማሁ። ሮጬ ስገባ ማሂ ወለሉ ላይ ተንበርክካለች፤ ፊት ለፊቷ ያለው ሲሚንቶ ቀይ ሆኗል። ደም መሰለኝ። ጮኼ አነሳኋት። የሮማኑ ሽታ አፍንጫዬን ሲመታኝ ደም አለመሆኑን አወቅሁ፤ ግን ያ ጠርሙስ ዓይኔ ላይ መጣ።

«ምንሽን ነው የሚያምሽ?»

«ሆዴን። እማ፣ ጠማኝ።»

ሐዋ ጩኸቴን ሰምታ መጣች። ግንባሯን ነካች፣ ምላሷን አየች። «ደርቃለች። ሙቀት መቷታል። ስኳርና ጨው ያለው ውሃ በትንሽ በትንሹ ስጫት» አለች። ድሬዳዋም ሆነ ጅቡቲ ሙቀት ለመታው ሰው የሚደረገው ይኸው ነው፤ እኔም አውቀዋለሁ። ስኳር ኃይል ይሰጣል፣ ጨው ውሃውን ይይዛል። ማሂ ግን ስኳርና ጨው የገባበትን ውሃ ቀምሳ ተፋችው። እምቢ ስትል ለምን እንደምትወደው አድርጌ አልሰጣትም ብዬ ከሲሮው ቀንሼ በውሃ በረዝኩት። ስለ ጠርሙሱ የፈራሁትን ፍርሃት፣ እኔና ሐዋም ጠጥተናል፣ ምንም አልሆንንም በሚለው አሸነፍኩት። እሷንም ደግፌ በማንኪያ አጠጣኋት። ትውጣለች፣ ታስመልሳለች፤ እንደገና እሰጣታለሁ። ሐዋ «በርቺ፣ ትንሽ ጨምሪላት» እያለች ታራግባታለች። ልጄን የማድን መስሎኝ ያንን ማንኪያ ስንት ጊዜ ከአፏ እንዳደረስኩት አላውቅም።

ወደ ረፋዱ ላይ አተነፋፈሷ ተለወጠ። ተኝታ ሳለ የሮጠች ያህል በጥልቅና በፍጥነት ትተነፍሳለች። ደረቷ ከፍ ዝቅ ሲል የጎድን አጥንቶቿ ይቆጠራሉ። መቼ ነው ይህን ያህል የከሳችው? ጉንጯ ገብቷል፤ ዓይኖቿ ጎድጉደዋል። «ማሂ» ስላት «አቤት» ትላለች፣ ግን ድምጿ ከሩቅ ነው። ቆይቼ ስጠራት «እ» ብቻ አለች። ትንሽ ቆይቼ ጠራኋት። ምንም አላለችም።

ጉንጯን መታ መታ አደረግሁ። ውሃ ረጨሁባት። ዓይኗን ገለጥ አድርጋ አየችኝና መልሳ ጨፈነች። ያቺ አስተያየት ናት እስከ ዛሬ የምታስፈራኝ። እናቷን የምታይ ልጅ አስተያየት አልነበረም።

«ሐዋ፣ ልጄ ልትሞትብኝ ነው» አልኩ።

ደረጀ ጋ ደወልኩ። ስልኩ ዝግ ነው። በረሃው መሐል የሆነ ቦታ መሪ ይዞ እየነዳ ነው፤ ምንም አያውቅም። ማሂን በትከሻዬ ተሸክሜ፣ ጠርሙሱን በሻርፕ ጠቅልዬ ወጣሁ። ምን እንደጠጣች ቢጠይቁኝ ማሳየት አለብኝ ብዬ ነው።

ጅቡቲን የሚያውቅ ሰው ያ ሰዓት ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል። ቀትር ነው። ሱቁ ሁሉ ተዘግቷል። ጫቱ ከኢትዮጵያ የሚገባበት ሰዓት ስለሆነ ወንዱ በሙሉ ወይ ጫት ሊገዛ ሄዷል ወይ ገዝቶ ቤቱ ገብቷል። ሌላ ጊዜ እግር በእግር የሚረጋገጥበት የካርቲየ 4 መንገድ ላይ ጥላ ሥር ከተኙ ድመቶች በቀር ነፍስ ያለው ነገር የለም። አስፋልቱ በጫማዬ ሶል አልፎ ይፈጀኛል። የማሂ እግሮች ጎኔ ላይ ይወዛወዛሉ፤ ትንፋሿ አንገቴ ላይ ይነፍሳል። ያ ትንፋሽ እንዳይቋረጥ እያዳመጥኩ እሮጣለሁ። ሲዘገይ የመሰለኝ ጊዜ ቆሜ አዳምጣለሁ፤ ደግሞ እሮጣለሁ።

ሐዋ ከፊት ከፊት እየሮጠች አንድ አረንጓዴና ነጭ ታክሲ መሐል መንገድ ላይ ቆማ አስቆመች። ሾፌሩ ጭኑ ላይ በእርጥብ ጨርቅ የተጠቀለለ ጫት አስቀምጧል። እጁን እያወናጨፈ በሶማሊኛ ተቆጣ፤ ሥራ ማቆሙን፣ ቤቱ እየሄደ መሆኑን ለማወቅ አስተርጓሚ አላስፈለገኝም። ሐዋ ክርክሯን ትታ እኔን በጣቷ አመለከተችው። የማሂ አንገት ክንዴ ላይ ወደ ኋላ መዘንበሉን ሲያይ ጫቱን አንስቶ ወደ ኋላ ወረወረና የፊቱን በር ከፈተ። ከዚያ በኋላ የነዳውን አነዳድ ደረጀ ቢያይ መንጃ ፈቃዱን ይቀማው ነበር።

መኪናው ውስጥ ሐዋ ጎንበስ ብላ የማሂን አፍ አሸተተች። ፊቷ ተለወጠ።

«አቦ አልማዝ፣ አፏ ይሸታል። ሲሮው ፈልቷል እንዴ? ጠጅ ሆኖ ይሆን?»

«በአንድ ቀን ጠጅ የሚሆን ነገር የት አገር አለ?»

«በዚህ ሙቀት ምን የማይሆን አለ!» አለች። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ጠርሙሱ ውስጥ ምን ነበር?» ስትል ጠየቀችኝ።

«አላውቅም።»

«እኔም እኮ ጠጥቻለሁ» አለችና እጇን ሆዷ ላይ አደረገች። ሌላ ጊዜ ቢሆን ያስቀኝ ነበር። እኔም የማሂን አፍ አሸተትኩ። እንደበሰበሰ ፍሬ፣ ከረር ያለ፣ ጣፋጭ ሽታ። ጥፍር ቀለም ማስለቀቂያም ይመስላል። ልጄን በገዛ እጄ መርዝ አጠጥቻታለሁ አልኩ በልቤ። አምላኬን ምን ብዬ እንደምለምነው እንኳ ጠፋኝ። «እኔን፣ እኔን፣ እኔን» ብቻ እላለሁ።

ሆስፒታሉ በር ላይ ማሂን ተቀብለው በአልጋ ይዘዋት ገቡ። ነጭ የለበሱ ሰዎች ከበቡን። አንዷ በፈረንሳይኛ ትጠይቀኛለች፣ አንዱ በአረብኛ ይደግመዋል። ዞሬ ማሂን አየኋት፤ እንድታስተረጉምልኝ። ይህን ያደረግሁት ሳላስበው ነው። አልጋው ላይ አፏን ከፍታ የምትተነፍሰውን ልጅ «ምን ይሉኛል?» ልላት ነበር። እንባዬ ያን ጊዜ ነው የወረደው። የጨነቀው እርጉዝ ያገባል እንዲሉ፣ ሐዋ በሩ ላይ «ቤተሰብ ያልሆነ አይገባም» ሲሏት «እህቷ ነኝ!» ብላ ጥሳ ገባች። የሶማሌ ቀሚስ ለብሳ የእኔ እህት! ማንም አልተከራከራትም።

ሐኪሟ ሻሽ ያሰረች ወጣት ናት። በሶማሊኛ ትጠይቃለች፣ ሐዋ ወደ አማርኛ ትመልሳለች። ጠርሙሱን ከሻርፑ ፈትቼ ሰጠኋት። ቡሹን ነቅላ አሸተተች። መብራቱ ላይ አድርጋ አየችው። ከዚያ ወደ ማሂ ጎንበስ አለችና ትንፋሿን ረዘም ላለ ጊዜ አሸተተች። ቀና ስትል ጠርሙሱን ዳር ላይ አስቀመጠችው።

«አፏ እንዲህ መሽተት የጀመረው መቼ ነው ትላለች» አለችኝ ሐዋ።

«ትናንት። ከጠጣችው በኋላ» አልኩ።

እርግጠኛ ሆኜ ነው የመለስኩት። ነገር ግን ቃሉ ከአፌ ከወጣ በኋላ አንድ ነገር ትዝ አለኝ። መጽሐፉን ስታነብልኝ፣ ትከሻዬ ላይ ተደግፋ፣ ትንፋሿ ጉንጬ ላይ ነበር። «ማስቲካ ነው የምታኝኪው?» ብያት ነበር። «ምንም አልበላሁም» አለችኝ። ያን ጊዜ ሮማኑ ገና አልተገዛም። ሮማኑ ከየመን ጀልባ ላይ አልወረደም ይሆናል።

«ቆይ!» አልኩ። «ቆይ፣ ከዚያ በፊት ነው። ከሲሮው በፊት ነው የሸተተኝ።»

ሐዋ ስትነግራት ሐኪሟ ጥያቄዎቹን አከታተለች። ውሃ ታበዛለች? «ማን የማያበዛ አለ?» አልኩ። ሽንቷስ? አልጋዋን ታረጥባለች? ከስታለች? እያንዳንዱን ስመልስ የራሴን ድምፅ ሰማሁት። ለየብቻ ሲሆኑ ሙቀት ነበሩ፤ አንድ ላይ ሲሰለፉ ሌላ ነገር ሆኑ። በዚህ መሐል ነርሷ የማሂን ጣት ወግታ ጠብታ ደም በአንዲት ትንሽ መሣሪያ ነካች። ሐኪሟ፣ ነርሷና ሐዋ ጎንበስ ብለው አዩ። መሣሪያዋ ቁጥር አልጻፈችም፤ ሁለት ፊደል ብቻ።

«ተበላሽቷል?» አልኩ።

ሐዋ ጠየቀችልኝ። ሐኪሟ ስትመልስላት ሐዋ አፏን በሻሿ ጫፍ ያዘች።

«ንገሪኝ እንጂ!»

«አልተበላሸም። ደሟ ውስጥ ያለው ስኳር መሣሪያው ሊቆጥር ከሚችለው በላይ ነው ትላለች። ስኳር ነው አልማዝ። የስኳር በሽታ።»

«ልጅ እኮ ናት!» ብዬ ጮኽኩ። «ስኳር የሽማግሌ በሽታ ነው! የወፍራም፣ የሀብታም በሽታ ነው! እሷ አጥንቷ የወጣ ልጅ ናት!»

ሐኪሟ ጩኸቴን ያለ ሐዋ የተረዳችው መሰለኝ። እጇን ክንዴ ላይ አሳርፋ፣ ከጠዋት ጀምሮ ምን እንደሰጠኋት ጠየቀችኝ። ሐዋና እኔ ተያየን። በማንኪያ የሰጠኋትን ነገርኳት። ስኳር ውስጡ በሞላ ልጅ አፍ ላይ ስኳር ስጨምር ነው የዋልኩት ማለት ነው። ሐኪሟ አልገሠጸችኝም። «በዚህ ሙቀት ብዙ እናቶች እንደዚያ ያደርጋሉ» ብላ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

በሁለቱም ክንዷ ግሉኮስ የመሰለኝን ነገር ሲሰቅሉ «ስኳር አትስጧት!» ብዬ እጃቸውን ልይዝ ነበር። ስኳር እንደሌለበት ሐዋ አስረዳችኝ፤ ጨዋማ ውሃና ኢንሱሊን ነው። ደሟ አሲድ ሆኗል፤ እንዲያ የምትተነፍሰው አሲዱን ለማውጣት ስትታገል ነው። ስኳሩን ቶሎ ማውረድ አንጎሏን ሊጎዳ ስለሚችል ቀስ እያለ ነው የሚወርደው። «ትድናለች?» ስላቸው «እንጠብቅ» አሉኝ። በየትኛውም ቋንቋ «እንጠብቅ» የሚባለው ቃል ፊት ላይ ይነበባል።

የዚያን ሌሊት ነገር አልተርክላችሁም። የተቀመጥኩበት ወንበር ያውቀዋል።

ደረጀ ደውሎ ያገኘኝ ከመንገድ ዳር ቆሞ ነው። «አልሚ፣ ምን ጠጣች? ምን ሰጠሻት?» አለኝ። አስረዳሁት። የሞተሩን ድምፅ እሰማለሁ። «እየመጣሁ ነው» አለ። «ቀስ ብለህ ንዳ» አልኩት፤ ሁለቱን በአንድ ቀን ላለማጣት።

ጎሕ ሲቀድ አተነፋፈሷ ረገብ አለ። መረጋጋቱ ነው ወይስ መሄዷ ነው? አላወቅሁም። እጇን ይዤ አልጋዋ ጫፍ ላይ እንደተቀመጥኩ አንዲት ነርስ ገብታ በፈረንሳይኛ ተናገረችኝ። አልገባኝም። ደገመችው። እኔ ደንዝዤ አያታለሁ። ያን ጊዜ ከትራሱ ላይ፣ ዓይኗን ሳትገልጥ፣ በደረቀ ድምፅ፦

«እማ... ከአልጋው ተነሺ ትልሻለች። ገመዱ ላይ ተቀምጠሻል።»

ተነሳሁ። ከዚያ ወለሉ ላይ ተቀመጥኩና እንደ ሕፃን አለቀስኩ። ነርሷ ገመዱን አስተካክላ እኔን ለማንሳት ጎንበስ ስትል፣ ማሂ «ምን ሆና ነው?» ብላ በፈረንሳይኛ ስትጠይቃት ሰማሁ። ያን ያህል ፈረንሳይኛማ ይገባኛል።

ደረጀ አቧራውን ሳያራግፍ ገብቶ ግንባሯን ሳማት። ከዚያ ወደ ኮሪደር ወጥቶ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ። ሐኪሟ ሁለታችንንም አስቀምጣ አስረዳችን። ሲሮው በሽታውን አላመጣውም። በሽታው ከሳምንታት በፊት ጀምሮ ሰውነቷ ውስጥ ነበር፤ ጣፋጩ ያፈጠነው መታየቱን ነው። ጠርሙሱም ንጹሕ ነበር። ምናልባት በሙቀቱ እያሳበብን ሌላ ሰሞን ብንቆይ ኖሮ ወደ ሆስፒታል የምናመጣው ሰው አይኖረንም ነበር። ሐዋ ይህን ስትሰማ «እሱ ሳይደግስ አይጣላም» አለች፤ ድሬዳዋ የተማረችው ተረት ነው። እኔ ግን እስከ ዛሬ ድግስ ነው ለማለት አፌ አልደፈረም። ማንኪያው ትዝ ይለኛል።

ከዚያ ወዲህ ኑሯችን ሌላ ነው። ኢንሱሊን ቅዝቃዜ ይፈልጋል፤ በሙቀቱ ወራት መብራት በሚጠፋበት ከተማ ቅዝቃዜ ማኖር ምን ማለት እንደሆነ ጅቡቲ ያላችሁ ታውቃላችሁ። መብራት በጠፋ ቁጥር ዓሣ ነጋዴዎቹ ጋ በረዶ ፍለጋ እሮጣለሁ። መርፌውን መጀመሪያ እኔ ነበርኩ የምወጋት፤ ስወጋት ዓይኔን እጨፍናለሁ። «እማ፣ ዓይንሽን ጨፍነሽ የምትወጊኝ ወዴት ልትወጊኝ ነው?» ብላ ተቆጣችና ራሷ ጀመረች። አሁን ራሷ ጣቷን ትወጋለች፣ ራሷ ቁጥሩን ታነባለች። ደረጀ መጽሐፉን ሊቀደው ሲል የከለከለችውም እሷ ናት፤ «መጽሐፉ ምን አደረገ?» ብላ አንብባ ጨርሳ ለአስተማሪዋ መለሰችው።

እናንተ ይህን የምታነቡ፣ ልጅ ያላችሁም የሌላችሁም፣ አንድ ነገር ልለምናችሁ። ልጁ ውሃ ሲያበዛ፣ ሽንት ሲመላለስበት፣ እየበላም ሲከሳ «ሙቀቱ ነው፣ እድገቱ ነው፣ ጥርሱ ነው» ብላችሁ አትለፉት። ጠጋ በሉና ትንፋሹን አሽትቱት። ፍሬ ፍሬ ከሸተታችሁ ጣቱ ላይ የምትወጣ አንዲት ጠብታ ደም ትበቃለች። ፈሪ ናት ይሉኝ እንደሆነ ይበሉኝ። ድሮ ደፋር ነበርኩ፤ ድፍረቴ ልጄን ሊያሳጣኝ ነበር።

በቅርቡ ባሏ ትራንዚት ቤት የሚሠራ፣ ከአዲስ አበባ አዲስ የመጣች አንዲት ሴት ልጇን ይዛ ምግብ ቤቴ ምሳ ልትበላ ገባች። ሕፃኑ ምግቡን ትቶ ጆጉን ባዶ አደረገው። እኔ ትሪ ይዤ ቆሜ ቀረሁ። ሳላስፈቅድ ጎንበስ ብዬ የልጁን አፍ አሸተትኩ። እናቱ ደንግጣ ወደ ራሷ ሳበችው።

«ምን እያደረግሽ ነው አንቺ?»

«እህቴ፣ ዛሬውኑ አስመርምሪው» አልኳትና የሆነብኝን ሁሉ ነገርኳት። ፊቷ አመድ መሰለ። ምሳዋን ሳትጨርስ ወጣች።

በነጋታው ተመልሳ መጣች። ከበሩ ጀምራ ነው የምትጮኸው። «ምንም የለበትም! አስመረመርኩት፣ ንጹሕ ነው! ሌሊቱን ሙሉ ዓይኔን ሳልከድን አደርኩ በአንቺ ምክንያት! ጤነኛ ነሽ ግን?» ተመጋቢው ሁሉ ዞሮ አየን።

«እሰይ!» አልኳት። «እሰይ፣ ተመስገን። ስደቢኝ እህቴ፣ ጨምሪበት።»

ስድቡ አላልቅ ሲላት ራሷም ደከማትና ወንበር ስባ ተቀመጠች። ልጇ ውሃ ስጪኝ አለኝ። ቀዳሁለት። ግጥም አድርጎ ጠጣና ብርጭቆውን መልሶ ዘረጋልኝ፣ «ጨምሪልኝ» እያለ። ጨመርኩለት፤ ስንተኛው ብርጭቆ እንደሆነ ግን በልቤ እየቆጠርኩ ነበር።